የጥቅምት አራቱ ቀጠሮ

እስቲ ቡናው እስኪፈላ አንድ ነገር ልጠይቃችሁ። ኮምፒውተራችሁን ስትከፍቱ የዚህ ዊንዶውስ ድጋፍ አብቅቷልና ወደ አዲሱ ተሸጋገሩ የሚል መልእክት ድቅን ሲልባችሁ ምን ታደርጋላችሁ? እኔ የማውቃቸው አብዛኞቹ ጥጉ ላይ ያለችውን ኤክስ ጠቅ አድርገው ሥራቸውን ይቀጥላሉ። ጥቂቶቹ ደግሞ ደንግጠው ዕቃውን ታቅፈው ወደ ጥገና ቤት ይሄዳሉ። እዚያ ያለው ልጅ ብዙ ሳይጠይቅ «ፎርማት ይደረግ» ይላል። በእኔ ግምት ሁለቱም ቸኩለዋል። አንደኛው አደጋውን ንቆታል፣ ሌላኛው አደጋውን በገዛ እጁ ሊጠራው ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ዊንዶውስ 10 የወጣው ሐምሌ 22 ቀን 2007 ዓ.ም. ነበር። ማይክሮሶፍት ከአሥር ዓመት በኋላ፣ ጥቅምት 4 ቀን 2018 ዓ.ም. ነፃ የደኅንነት ጥገናውን አቆመ። ኮምፒውተሩ በዚያ ቀን አልቆመም። ወርድ ይከፈታል፣ ፊልም ይታያል፣ ፕሪንተሩም እንደ ልማዱ ወረቀት ይበላል። የቀረው በየወሩ ይመጣ የነበረው መድፈኛ ነው፤ አዲስ ቀዳዳ ሲገኝ ከእንግዲህ ሳንጠይቅ በነፃ የሚደፍንልን የለም።

የማይክሮሶፍትን ቀጠሮዎች ከተማችን ላሊበላ ካሳለፈችው ጋር ጎን ለጎን ሳስቀምጣቸው ሳቅም እልህም ይመጣብኛል። ዊንዶውስ 7 የተሰናበተው ጥር 5 ቀን 2012 ዓ.ም.፣ የዚያ ዓመት ገና በተከበረ ልክ በሳምንቱ ነው። ሁለት ወር ሳይሞላ ኮሮና አገር ገባ፣ ቱሪስት ቀረ፣ ሆቴሉም አስጎብኚውም እጁን አጣጥፎ ተቀመጠ። አዲስ ኮምፒውተር ሊገዛ የነበረ ሰው በገንዘቡ ጤፍ ገዛበት። ዊንዶውስ 11 መስከረም 25 ቀን 2014 ዓ.ም. ሲወጣ ደግሞ ላሊበላ ከሐምሌ 2013 መጨረሻ ጀምሮ በሕወሓት ኃይሎች እጅ ነበረች። ዓለም የስታርት ምልክቱ ከግራ ጥግ ወደ መሀል መምጣቱን ሲያማ፣ እዚህ የሚታማው ሌላ ነበር። ከሐምሌ 2015 መጨረሻ ጀምሮ ደግሞ በአማራ ክልል ኢንተርኔት ተቋርጦ ወራት ተቆጠሩ። በየወሩ ሁለተኛው ማክሰኞ የዊንዶውስ 10 ጥገና ይወጣ ነበር፤ እዚህ ላስታ ላይ የሚያወርደው አልነበረም እንጂ። እንግዲህ አንድ ሰው ከሩቅ ሆኖ «አፕዴት አታደርጉም እንዴ?» ሲለን ፈገግ ብንል አይፍረድብን።

ይህን ስል ግን አፕዴት የፈረንጅ ጭንቀት ነው ማለቴ አይደለም። ግንቦት 4 ቀን 2009 ዓ.ም. ዋናክራይ የተባለው ቫይረስ ከአገር አገር እየዘለለ ፋይል እየቆለፈ ገንዘብ ሲጠይቅ፣ የእንግሊዝ ሆስፒታሎች የሕመምተኛ ቀጠሮ እስከ መሰረዝ ደርሰዋል። የሚያሳዝነው ማርከሻው ከሁለት ወር በፊት ተለቆ ነበር። በብዛት የተመቱት ዊንዶውስ 7 የያዙና ያንን ጥገና ያልጫኑ ማሽኖች ናቸው። ያኔ ዊንዶውስ 7 ገና ድጋፍ ያለው ነበር። አስቡት፤ ድጋፍ እያለው እንዲህ ከሆነ፣ ድጋፍ የሌለው ምን ይሆናል?

ስለዚህ እኔ ለሚጠይቀኝ ሰው ቀኑን አልነግረውም። መልሼ እጠይቀዋለሁ፦ ኮምፒውተርህ ውስጥ ምን አለ? ከማን ጋርስ ይገናኛል?

የሆቴል እንግዳ መቀበያ ላይ የተቀመጠው ማሽን ቀኑን ሙሉ ኢንተርኔት ላይ ነው። የክፍል ማስያዣ ይቀበላል፣ ኢሜይል ይከፍታል፣ የሰው ፓስፖርት ቅጂ ይዟል። ለእሱ ክርክር የለም፣ ይሻገር። ማሽኑ አዲሱን የማይችል ከሆነም ወደ ሌላ ነገር ይዙር። የአስጎብኚው ላፕቶፕም እንደዚያው ነው፤ የይምርሐነ ክርስቶስና የአሸተን ማርያም ፎቶዎቹን ብቻ ሳይሆን ከውጭ የሚመጡ እንግዶች አድራሻ ሁሉ እዚያ ውስጥ ነው።

ከኢንተርኔት ጋር ተያይቶ የማያውቀውስ? የትምህርት ቤቱ፣ የማኅበሩ፣ ደብዳቤ ብቻ የሚጻፍበት? ብዙ ሰው ኔትወርክ የሌለው ኮምፒውተር ቫይረስ አይነካውም ብሎ ያምናል። እኛ አገር እኮ ቫይረስ በዋነኛነት የሚጓዘው በፍላሽ ነው! ከወልድያ ሚኒባስ ተሳፍሮ ጋሸናን አልፎ ይመጣል፤ ጽሕፈት ቤት ገብቶ ትምህርት ቤት ያድራል። ፎልደሮቹን ሁሉ ወደ ሾርትከት የሚቀይረው ያ የታወቀ ቫይረስ ስንቱን ተማሪ እንዳስለቀሰ የሚያውቀው ያውቀዋል። ያም ሆኖ እንዲህ ያለው ማሽን እንዳለ ቢቀመጥ ቅር አይለኝም። የማንም ፍላሽ እንዳይሰካበት ማድረግ ዊንዶው ከመቀየር የበለጠ ይጠቅመዋል።

አሁን የሚያናድደኝን ልናገር። ብዙዎቻችን «አዲስ ዊንዶው ልጫን» ስንል የምንጭነው ፈቃድ የሌለው ነው። በአክቲቬተር ነው የሚነቃው። ያ አክቲቬተር ደግሞ ገና ሥራ ሲጀምር አንቲቫይረሱን አጥፉልኝ ይላል፤ እኛም እናጠፋለታለን። ከየት እንደመጣ፣ ማን እንደሠራው፣ ሌላ ምን ይዞ እንደገባ አይታወቅም። የዊንዶውስ 10 ጊዜ አለፈ ብሎ ፈርቶ፣ ክራክ የተደረገ ዊንዶውስ 11 የሚጭን ሰው ምኑን ነው የፈራው? ጤነኛውን ዊንዶውስ 10 ይዞ ቢቀመጥ በስንት ጣዕሙ!

ነገሩን ይበልጥ አስቂኝ የሚያደርገው ደግሞ ይኸው። ከዊንዶውስ 8 ዘመን ወዲህ በፋብሪካ ዊንዶውስ ተጭኖባቸው የተሸጡ ላፕቶፖች ፈቃዳቸው ማዘርቦርዳቸው ላይ ተጽፏል። ከውጭ የመጣ ያገለገለ ላፕቶፕ የገዛችሁ ብዙዎቻችሁ ሳታውቁት ሕጋዊ ፈቃድ ይዛችኋል። ፋብሪካው የጫነውን ዓይነት፣ ሆም ከሆነ ሆምን፣ ብትጭኑበት ኢንተርኔት ሲያገኝ ራሱን በራሱ ያነቃል። ጥገና ቤቱ ግን ለሁሉም አንድ ፍላሽ ነው ያለው፤ ክራክ የተደረገ ፕሮ። ሆም ፈቃድ ባለው ዕቃ ላይ ፕሮን ጭኖ፣ ያለውን ፈቃድ ትቶ አክቲቬተር ይሰጣችኋል። በሉ እንግዲህ ከፎርማቱ በፊት «የራሱን ጫንልኝ» በሉት። ከዊንዶውስ 10 ወደ 11 መሸጋገርም ፈቃድ ላለው ሰው ነፃ ነው። ፎርማት ሳይደረግ፣ ፋይልም ፕሮግራምም ሳይጠፋ፣ በላዩ ላይ ይሻገራል። አፕግሬድ ማለት ይህ ነው። እኛ ዘንድ ግን አፕግሬድም ጥገናም ማጽዳትም ሁሉም ፎርማት ሆኖ ቀርቷል።

ማሽናችሁ ይችለው እንደሆነ ለማወቅ ባለሙያ አያሻችሁም። የኮምፒውተሩን መግለጫ ክፈቱና የፕሮሰሰሩን ስም አንብቡ። ኢንቴል ከሆነ ከሰረዙ ቀጥሎ ያለውን ቁጥር ተመልከቱ። «አይ5-7200» ካለ ሰባተኛ ትውልድ ነው፣ ዊንዶውስ 11 በይፋ አይቀበለውም። «8250» ካለ ስምንተኛ ነውና ያልፋል። በ10፣ በ11፣ በ12 የሚጀምርም ያልፋል። ከዚህ ሌላ ቢያንስ 4 ጊጋ ራም፣ 64 ጊጋ ቦታና ቲፒኤም 2.0 የሚሉት የደኅንነት ቺፕ ይፈልጋል። ቺፑ በብዙ ማሽኖች ላይ አለ፤ ባዮስ ውስጥ ስለጠፋ ብቻ የለም ይባላል። አራት ጊጋ ራም ይበቃል የተባለውን ግን አትመኑ፤ ይነሳል እንጂ አይሠራም። አዲስ አበባ መገናኛም ሆነ ቦሌ ሄዳችሁ ያገለገለ ላፕቶፕ ስትገዙ ያችን ከሰረዝ በኋላ ያለች ቁጥር ሳታዩ ገንዘብ አታውጡ። ሻጩ «ኮር አይ ሰቨን እኮ ነው!» ቢላችሁ አትደነቁ፤ ስድስተኛ ትውልድ አይ7 ከበር ይመለሳል፣ ስምንተኛ ትውልድ አይ3 ይገባል። በጎን ዞሮ የሚያስገባ ዘዴ አለ፣ የጥገና ቤት ልጆቹም ያውቁታል። ማይክሮሶፍት ግን እንዲህ ለገባ ማሽን አፕዴቱ እንደማይቋረጥ ዋስትና አይሰጥም።

ሌላም አለ። ዊንዶውስ 11ን ከባዶ ስትጭኑ መጀመሪያ ሲነሳ ኢንተርኔትና የማይክሮሶፍት አካውንት ካልሰጣችሁኝ ይላል። ኔትወርክ በጠፋ ሰሞን ላሊበላ ላይ ፎርማት ያስደረገ ሰው ሰላም ልበልህ የሚል ስክሪን ፊት ለፊት ቁጭ ብሎ ሊቀር ነው። ቴሌ መልካም ቀን ላይ ሲሆን መጀመር ነው እንግዲህ። ወይም በላዩ ላይ መሻገር፣ ያኛው ይህን አይጠይቅም። የመጫኛው ፋይል ከ5 ጊጋ ይበልጣልና አንድ ሰው ባለ8 ጊጋ ፍላሽ ላይ አንዴ ቢያወርደው ለሰፈሩ ሁሉ ይበቃል፤ ብቻ ከማይክሮሶፍት ከራሱ ገጽ ይሁን። መብራት መሀል ላይ እንደሚሄድም አትርሱ። ላፕቶፕ ባትሪው ሞልቶ፣ ዴስክቶፕ ደግሞ ዩፒኤስ ካለው ብቻ።

አሁን ቡናው ወረደ፤ እኔም ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ሰው ዊንዶው ሲቀይር የሚያጣው ኮምፒውተሩን አይደለም፣ ጽሑፉን ነው። መጀመሪያ ያስቀመጠበት ቦታ ነው የሚያስጠፋው። ፎርማት ሲደረግ ሲ የሚባለው ክፍል ይጠረጋል፣ ዲ ይተርፋል። ዴስክቶፕ ደግሞ ያለው ሲ ውስጥ ነው። ጥገና ቤት ውስጥ እንዲህ ያለ ወሬ መስማት ብርቅ አይደለም፦

«አባ፣ ጽሑፎችዎን ዲ ላይ ነው ያስቀመጡት ወይስ ዴስክቶፕ ላይ?»

«እኔ ምኑን አውቄው ልጄ፤ ሲከፈት ፊት ለፊት ነው የሚታየው።»

ፊት ለፊት የሚታየው ነው የሚጠፋው። ልጁ ጨዋ ከሆነ መጀመሪያ ገልብጦ ያስቀምጥላቸዋል። ሁሉም ጨዋ አይደለም።

ሁለተኛው ጠንቅ ፊደላችን ነው። ከዩኒኮድ በፊት ኮምፒውተሩ ፊደላችንን አያውቀውም ነበር። እንደ ፓወር ግዕዝና ቪዥዋል ግዕዝ ያሉ ሶፍትዌሮች የሠሩት ብልሃት የላቲኑን ቦታ መዋስ ነው፤ ውስጡ የፈረንጅ ፊደል ሆኖ ስክሪኑ ላይ የእኛ ይታያል። ለፊደላችን ከነዲቃላው አንድ ፎንት ስለማይበቃም ሁለትና ሦስት ፎንት ላይ ተከፋፍሎ ይቀመጥ ነበር። ዩኒኮድ በ1999 እ.ኤ.አ. በሦስተኛ እትሙ ለ345 ምልክቶቻችን የየራሳቸውን ቁጥር ሰጠ። ዊንዶውስ ግን አማርኛን ከነፎንቱ ይዞ የመጣው በቪስታ፣ በ2007 እ.ኤ.አ. ነው። ኒያላ የተባለው ፎንት ያኔ የመጣ ነው። ስያሜው ከደጋ አጋዘን የተወሰደ ነው፤ እኛ አቡነ ዮሴፍ ተራራ ላይ ያለን ቀይ ቀበሮና ጭላዳ ስለሆነ ቅር ብሎን ነበር ብል ትስቃላችሁ።

ታዲያ ዩኒኮድ መጣ ተብሎ አሮጌው ብልሃት በአንድ ቀን አልቀረም። ጸሐፊዎቹ እጃቸው የለመደው እሱን ስለሆነ ከዚያ በኋላም ብዙ ዓመት ተጽፎበታል። የዕድር መተዳደሪያ ደንብ፣ የተማሪ ሮስተር፣ የሰበካ ጉባኤ ቃለ ጉባኤ፣ የመመረቂያ ጽሑፍ በዚያ ፎንት ተጽፎ በየሃርድ ዲስኩ ተኝቷል። ዊንዶውስ 11ን ከባዶ ጭናችሁ ያንን ፋይል ስትከፍቱ የምታዩት የላቲን ፊደልና የነጥብ ዝብርቅ ነው። ሰው «ፋይሉ ተበላሸ፣ ቫይረስ በላው» ብሎ ያጠፋዋል። አልተበላሸም! ፎንቱን ብትመልሱለት ይነበባል። ስለዚህ ከመቀየር በፊት ሲ ውስጥ፣ ዊንዶውስ በሚለው ፎልደር ሥር፣ ፎንትስ የሚለውን እንዳለ ወደ ፍላሽ ገልብጡት። ዋና ዋናዎቹን ሰነዶች ደግሞ አሮጌው ማሽን ላይ እያሉ ፒዲኤፍ አድርጓቸው፤ ፒዲኤፍ ፎንቱን ይዞት ይሄዳል። ጊዜ ያለው ሰው በመቀየሪያ ሶፍትዌር ወደ ዩኒኮድ ይለውጣቸው፣ ግን ከለወጠ በኋላ አንዴ ያንብባቸው። ዲቃላዎቹ ላይ፣ በተለይ እነ ሏና ቷ ላይ፣ ስህተት አይጠፋም።

በኒያላ የጻፋችሁትም ቢሆን ያው ላይሆን ይችላል። ከዊንዶውስ 10 ጀምሮ ኒያላ በግድ የሚመጣ ፎንት አይደለም፤ ቋንቋውን ስትጨምሩ ወይም ለብቻ ስትጠይቁ ነው የሚወርደው። እሱ በሌለበት ኮምፒውተሩ ኢብሪማ በሚባለው ይተካዋል። ይነበባል፣ ግን መስመሩ ይገፋል፣ አንድ ገጽ የነበረው ደብዳቤ ፊርማውና ማኅተሙ ሁለተኛ ገጽ ላይ ይወድቃል። ማስተካከያው አዲሱ ዊንዶው ውስጥ ገብቶ አማርኛን ከቋንቋዎቹ ጋር መጨመር ነው፤ ኢንተርኔት ካለ ፎንቱ ተከትሎ ይመጣል። ሌላው አሮጌ ፕሪንተር ነው። ዊንዶውስ 11 ባለ64 ቢት ብቻ ስለሆነ፣ ለ32 ቢት ብቻ ድራይቨር ያለው ፕሪንተር አይግባባውም።

አዲስ ልግዛ ለሚለው ምን ልበል? ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብር ምንዛሪ ለገበያ ተለቀቀ። ዕለቱ በአጋጣሚ የዊንዶውስ 10 ዘጠነኛ ልደት ነበር። 57 ብር አካባቢ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር ተሻገረ፤ ላፕቶፕ ደግሞ በዶላር የሚገባ ዕቃ ነው። እንግዳ በራቀበት ከተማ ያለ ሰው ማይክሮሶፍት ቀን ቆረጠብኝ ብሎ ያንን ገንዘብ ማውጣት የለበትም።

ለመቆየት ለሚፈልግ መንገድ አለ። ማይክሮሶፍት የደኅንነት ጥገናውን እስከ ጥቅምት 3 ቀን 2019 ዓ.ም. ድረስ ለአንድ ዓመት ያራዝማል። ወይ 30 ዶላር ይከፈልበታል፣ ወይ በማይክሮሶፍት አካውንት ገብቶ ሴቲንጉን በባክአፕ ላስቀመጠ ሰው በነፃ ይሰጠዋል። የዶላር ካርድ ለሌለን ሁለተኛው ነው የሚሆነን። ግን ጊዜያዊ ነው። ጊዜያዊ የሚባል ነገር እንዴት እንደሚከርም ደግሞ ከላሊበላ ሰው በላይ የሚያውቅ የለም። በ2000 ዓ.ም. በአውሮፓ ኅብረት ገንዘብ ከውቅር አብያተ ክርስቲያናቱ በላይ የተተከለው መጠለያ ጊዜያዊ ነበር። በ2011 ዓ.ም. መጀመሪያ የከተማው ሰው ክብደቱ ያሰጋናልና ይነሳልን ብሎ አደባባይ ወጣ፤ በዚያው ዓመት መጋቢት የፈረንሳዩ ፕሬዚዳንት ማክሮን መጥተው እናግዛለን አሉ። የአንድ ዓመት ጭማሪ ያገኘ ዊንዶውስ 10ም እንዲሁ ይረሳል ብዬ እፈራለሁ። አሮጌ ዊንዶው በእውነት የሚሞተው ደግሞ ብራውዘሩ ሲተወው ነው፤ ክሮም ዊንዶውስ 7ን የተወው በጥር 2015 ዓ.ም. መጨረሻ፣ ማይክሮሶፍት ከተወው ከሦስት ዓመት በኋላ ነው። ከዚያ ወዲህ ድረ ገጹ አንድ በአንድ አልከፈት ማለት ይጀምራል።

ዊንዶውስን ትተን ሊኑክስን ብንጭንስ የምትሉኝ አላችሁ። ለሆቴሉ መቀበያ ጥሩ ነው፤ ሥራው ሁሉ ብራውዘር ውስጥ ነውና። ሊኑክስ ሚንት ስድስተኛና ሰባተኛ ትውልድ ላይ ቀልጠፍ ብሎ ይሄዳል፣ አማርኛም ይጻፍበታል፣ አክቲቬተር የሚባል ጣጣ የለበትም። ለደንበኛ ለሚጽፍና ለሚያትም ጽሕፈት ቤት ግን አልመክርም። ደንበኛው በፓወር ግዕዝ የተጻፈ ወርድ ይዞ መጥቶ «አሁኑኑ አስተካክልልኝ» ሲል፣ ስለ ነፃ ሶፍትዌር ጥቅም ልታስረዱት አትችሉም።

ጽሕፈት ቤት ላላችሁ የእኔ ሐሳብ ይኸው ነው። ከኅዳር ጽዮን እስከ ገና ባለው ጊዜ ምንም ነገር አትንኩ፤ ምእመኑ ሲገባ፣ ፎቶና ባነር ሲታዘዝ፣ የሚሠራ ኮምፒውተር እንዳለ ይሥራ። ጥምቀት ካለፈ በኋላ ሁለት ማሽን ካላችሁ የሚችለውን አንዱን በላዩ ላይ ወደ 11 አሻግሩት፤ ኢንተርኔቱም ኢሜይሉም ቴሌግራሙም ወደ እሱ ይሂድ። አሮጌውን ከኔትወርክ ንቀሉትና ከነፓወር ግዕዙ በዊንዶውስ 10 አቆዩት። የድሮ ፋይል ይዞ ለሚመጣ ሰው እሱ ላይ ክፈቱለት፣ አሮጌውንም ፕሪንተር ለእሱ ተዉለት። ከእሱ ወደ አዲሱ የሚሄደው ፍላሽ አንድ ብቻ ይሁን፤ የእናንተ የራሳችሁ።